ከይፋት እስከ አል አዝሀር፦ የባለ ሙሉ ቁጥር ጎነ ሦስቶች ታሪክ

በ14ኛው ክፍለ ዘመን የመጀመሪያ አጋማሽ በማምሉክ ሱልጣኖች ጽሕፈት ቤት ያገለግል የነበረው ኢብን ፈድሉላህ አል ዑመሪ (የሞተው በ1349) ስለ ዓለም መንግሥታት አንድ ሰፊ መጽሐፍ አዘጋጅቷል። በዚህ መጽሐፍ ውስጥ በኢትዮጵያ ምድር ሰባት የሙስሊም ግዛቶችን ዘርዝሮ መዝግቧል። ከእነዚህም አንዷ ይፋት ናት፤ እሱ «አውፋት» ይላታል። ስለ አገሩ ከነገሩት ሰዎች መካከል በዚያ ዘመን ለጉዳይ ካይሮ ወርደው የነበሩት ሼኽ ዐብደላህ አል ዘይለዒ ይገኙበታል። በመዝገቡ መሠረት የይፋት ስፋት በአንድ በኩል የ15 ቀን፣ በሌላው በኩል የ20 ቀን መንገድ ነው። ሠራዊቷም 15 ሺህ ፈረሰኛና 20 ሺህ እግረኛ ነው። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሂጅራ ካልተባሉ በቀር በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተሰጡ ናቸው።)

ሒሳብ የሚወድ አንባቢ እነዚህን ሁለት ቁጥሮች ሲያይ ቆም ማለቱ አይቀርም። 15 በራሱ ሲባዛ 225 ነው፤ 20 በራሱ ሲባዛ 400 ነው፤ ድምራቸው 625 ይሆናል። 625 ደግሞ የ25 ዳግም ርቢ ነው። አገሩን ወርዱ 15፣ ቁመቱ 20 ቀን የሆነ አራት ማዕዘን አድርገን ብንስለው፣ ከአንዱ ማዕዘን ወደ ትይዩው ማዕዘን በቀጥታ የሚያቋርጥ መንገደኛ ያለ ምንም ትርፍና ጉድለት 25 ቀን ይጓዛል ማለት ነው።

የታሪክ ተመራማሪ ግን እዚህ ላይ መጠንቀቅ አለበት። አል ዑመሪ ስለ ጎነ ሦስት አንዳች አልተናገረም። ቁጥሮቹ ነጋዴና ተጓዥ በግምት የሚናገራቸው ክብ ቁጥሮች ናቸው፤ ለመሬቱም ለሠራዊቱም ያው 15 እና ያው 20 መደገማቸው ይህንኑ ያሳያል። መገጣጠሙ አጋጣሚ ነው። ጥያቄው ግን እውነተኛና ጥንታዊ ነው፤ ሦስቱም ጎኖቹ ሙሉ ቁጥር የሆኑ ማዕዘናዊ ጎነ ሦስቶች እንዴት ይገኛሉ? የዚህን ጥያቄ መዝገብ በአንድ በኩል፣ የይፋትን ልጆች መዝገብ በሌላ በኩል ስንከታተል ሁለቱ መንገዶች በ18ኛው ክፍለ ዘመን ካይሮ ላይ ይገናኛሉ።

በመጀመሪያ ጥያቄውን ግልጽ እናድርገው። ማዕዘናዊ ጎነ ሦስት ማለት ከሦስቱ ዘዌዎቹ አንዱ 90 ዲግሪ የሆነ ነው። የሁለቱ አጫጭር ጎኖች ዳግም ርቢዎች ሲደመሩ የረጅሙን ጎን፣ የሀይፖቴኑሱን፣ ዳግም ርቢ ይሰጣሉ። ሁለቱን አጫጭር ጎኖች እንደፈለግን ብንመርጥ ግን ሦስተኛው አብዛኛውን ጊዜ ሙሉ ቁጥር አይሆንም። 2 እና 3ን ብንወስድ ድምሩ 13 ነው፤ በራሱ ተባዝቶ 13 የሚሰጥ ሙሉ ቁጥር ደግሞ የለም። በአንጻሩ 3 እና 4 ብንል 5 ይመጣል፤ 5 እና 12 ብንል 13፤ 8 እና 15 ብንል 17፤ 7 እና 24 ብንል 25። እነዚህን በሙከራ ብቻ ለሚፈልግ ሰው ነገሩ አድካሚ ነው። ስለዚህ የጥያቄው ታሪክ በመሠረቱ ሕጉን የመፈለግ ታሪክ ነው።

እስከ ዛሬ ከተገኙት ሰነዶች በዚህ ረገድ እጅግ የታወቀው ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1800 ገደማ በደቡባዊ ኢራቅ የተጻፈ የሸክላ ጽላት ነው። ፕሊምፕተን 322 ተብሎ ይጠራል፤ የሚገኘውም በኒው ዮርክ ኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ነው። ኦቶ ኖይገባወር እና አብርሃም ሳክስ በ1945 ባሳተሙት ጥናት ጽላቱ የሒሳብ ሰነድ መሆኑን አሳዩ። በላዩ ላይ 15 ረድፍ ቁጥሮች አሉ፤ እያንዳንዱ ረድፍ የአንድን ማዕዘናዊ ጎነ ሦስት አጭር ጎንና ሀይፖቴኑስ ይሰጣል። ከረድፎቹ በአንዱ አጭሩ ጎን 12,709፣ ሀይፖቴኑሱ 18,541 ነው፤ ከእነዚህ ሦስተኛው ጎን 13,500 ሆኖ ይወጣል። እንዲህ ያለ ቁጥር በአጋጣሚ አይገኝም። ጽላቱን የጻፈው ሰው ዘዴ ነበረው።

በአንጻሩ በየመማሪያ ክፍሉ የሚተረክ አንድ ታሪክ መስተካከል ይኖርበታል። የጥንት ግብጻውያን ገመድ ላይ 12 እኩል ቋጠሮ አስረው፣ በ3፣ በ4 እና በ5 ከፍለው የፒራሚዶችን ማዕዘን ያወጡ ነበር ይባላል። ይህ ሞሪትዝ ካንቶር የተባለ የሒሳብ ታሪክ ጸሐፊ በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ያቀረበው ግምት ነው፤ ግምቱ ሲደጋገም እንደ ማስረጃ ተቆጠረ። ከግብጽ በእርግጥ የተገኘው በበርሊን የሚገኘው የፓፒረስ ቁራጭ ነው፤ በእሱ ላይ የ100ን ስፋት ለሁለት ካሬዎች የሚያካፍል ጥያቄ ቀርቦ ጎኖቹ 6 እና 8 ሆነው ይወጣሉ። ቁጥሮቹ የ3፣ 4፣ 5 ዘመዶች ናቸው፤ ስለ ገመድ ግን የሚናገሩት ነገር የለም።

አጠቃላይ ሕጉ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ300 ገደማ በእስክንድርያ ከጻፈው ከዩክሊድ መጽሐፍ፣ ከ10ኛው ክፍል ይገኛል። በዛሬ አነጋገር እንዲህ ነው፦ ሁለት ሙሉ ቁጥሮችን ምረጥ። ከትልቁ ዳግም ርቢ የትንሹን ዳግም ርቢ ቀንስ፤ አንዱ ጎን ይህ ነው። ሁለቱን ቁጥሮች አባዝተህ ውጤቱን እጥፍ አድርግ፤ ሌላው ጎን ይህ ነው። ዳግም ርቢዎቻቸውን ደምር፤ ሀይፖቴኑሱ ይወጣል። 2 እና 1 ሲመረጡ 3፣ 4፣ 5 ይገኛል። 4 እና 1 ሲመረጡ 15፣ 8፣ 17። 4 እና 3 ሲመረጡ 7፣ 24፣ 25። የተመረጡት ቁጥሮች ከ1 በቀር የጋራ አካፋይ ከሌላቸውና አንዱ ተጋማሽ፣ ሌላው ኢ-ተጋማሽ ከሆነ የሚወጣው ጎነ ሦስት መሠረታዊ ነው፤ ማለትም ከእሱ ያነሰ ጎነ ሦስት ተባዝቶ የተገኘ አይደለም። መሠረታዊ የሆነ ሁሉ በዚህ መንገድ ይገኛል፤ አንድም አያመልጥም። የአል ዑመሪ 15፣ 20፣ 25 ግን መሠረታዊ አይደለም፤ 3፣ 4፣ 5 በ5 ሲባዙ የሚመጣ ነው።

ይህ እውቀት ከግሪክኛ ወደ ዐረብኛ የተሻገረው በ9ኛው ክፍለ ዘመን ነው። ዩክሊድ ከአንድ ጊዜ በላይ ተተረጎመ፤ የእስክንድርያው ዲዮፋንተስ ስለ ቁጥር የጻፈውንም ቁስጣ ኢብን ሉቃ ወደ ዐረብኛ መለሰው። በ10ኛው ክፍለ ዘመን የነበሩት የፋርስና የኢራቅ ሊቃውንት ግን በትርጉም ብቻ አልረኩም። አቡ ጃዕፈር አል ኻዚን ጎኖቻቸው ሙሉ ቁጥር ስለሆኑ ማዕዘናዊ ጎነ ሦስቶች ራሱን የቻለ ድርሰት ጻፈ። ደራሲው ያልታወቀ ሌላ የዚያው ዘመን ድርሰት ፓሪስ ውስጥ በሚገኝ የብራና ስብስብ ተጠብቆ ቆይቶ፣ ፍራንዝ ቮፕከ በ1861 ይዘቱን ለአውሮፓ አንባቢ አቀረበው። የዚህ ድርሰት ደራሲ የመሠረታዊ ጎነ ሦስት ሀይፖቴኑስ ለ12 ሲካፈል ሁልጊዜ ቀሪው 1 ወይም 5 እንደሚሆን አስተውሏል። አንባቢ በ5፣ 13፣ 17፣ 25፣ 29 እና 37 ሊሞክረው ይችላል።

ያው ደራሲ የዚህ ጥናት ዋና ዓላማ ምን እንደሆነም ተናግሯል፤ አንድ የተወሰነ ቁጥር ሲደመርበትም ሲቀነስበትም ዳግም ርቢ ሆኖ የሚቀር ዳግም ርቢ መፈለግ ነው። እያንዳንዱ ባለ ሙሉ ቁጥር ማዕዘናዊ ጎነ ሦስት ለዚህ ጥያቄ አንድ መልስ ይሰጣል። በ15፣ 20፣ 25 እንየው። የሁለቱ አጫጭር ጎኖች ብዜት 300፣ እጥፉ 600 ነው። 625 ላይ 600 ሲደመር 1,225 ይሆናል፤ ይህም የ35 ዳግም ርቢ ነው። ከ625 ላይ 600 ሲቀነስ 25 ይቀራል፤ ይህም የ5 ነው። 35 የ15 እና የ20 ድምር፣ 5 ደግሞ ልዩነታቸው ነው። የፒሳው ሊዮናርዶ፣ ፊቦናቺ በሚለው ስሙ የታወቀው፣ በ1225 የጻፈው መጽሐፍ የተነሣው ከዚሁ ጥያቄ ነው፤ የተጠየቀው ቁጥር 5 ነበርና ክፍልፋይ ተጠቅሞ መለሰው። ሜዲትራኒያንን የተሻገረው እውቀት እንዲህ ያለ ነበር።

አሁን ወደ ይፋት እንመለስ። ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ የሚወስደው መንገድ ከደብረ ሲና ቁልቁል ወርዶ የይፋት ቆላ ላይ የሚያገኛት ከተማ ሸዋ ሮቢት ናት። በስተምዕራብ የሸዋ ደጋ እንደ ግድግዳ ቆሟል፤ በስተምሥራቅ ምድሩ ወደ አዋሽና ወደ አፋር ሜዳ ይዘልቃል። ደጋውን ከዘይላ ወደብ ጋር ያገናኝ የነበረው የሲራራ ንግድ በዚህ ተዳፋት ላይ ያልፍ ነበር። በ1285 የወላስማ ሥርወ መንግሥት የቀደመውን የሸዋ ሱልጣኔት አፍርሶ ሥልጣኑን ያጸናውም በዚሁ አካባቢ ነው።

የዚያ ዘመን ከተሞች ፍራሽ ዛሬም አለ። ፍራንሷ ዣቪዬ ፎቬልና ቤርትራንድ ኢርሽ የተባሉ ፈረንሳውያን ተመራማሪዎች ከባልደረቦቻቸው ጋር አስባሪ፣ መሳል እና ኖራ የተባሉ ሦስት የፈረሱ ከተሞችን አጥንተው የመጀመሪያውን ዘገባ በ2006 አሳተሙ። በጎዜና በፈቂ ደብስ ያሉት የመካከለኛው ዘመን መስጊዶችም ተጠንተዋል። ሕንፃዎቹ ከድንጋይ የተሠሩ ናቸው፤ የኖራ መስጊድ ግድግዳ እስከ ዘመናችን ድረስ ቆሞ ይታያል።

የይፋትን መስጊድ ግንበኛ ሥራ ልዩ የሚያደርግ አንድ የመልክዐ ምድር እውነት አለ። ሸዋ ሮቢትና መካ በአንድ የኬንትሮስ መስመር ላይ ናቸው ማለት ይቻላል፤ ሁለቱም ወደ 40 ዲግሪ ምሥራቅ ይጠጋሉ። መካ ከዚህ ቆላ 1,270 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ በቀጥታ ወደ ሰሜን ትገኛለች። ስለዚህ በይፋት ቂብላ፣ ማለትም የሶላት አቅጣጫ፣ ሰሜን ነው፤ ይህን አቅጣጫ የሚያመለክተውን ሚሕራብ የያዘው ግድግዳ ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ መዘርጋት፣ የጎን ግድግዳዎቹም በ90 ዲግሪ ወደ ሰሜን መሄድ አለባቸው። የሰሜን ኮከብን ወይም የቀትርን ጥላ ተከትሎ አንዱን መስመር ያገኘ ሰው ሌላውን ለማግኘት የሚያስፈልገው ትክክለኛ ማዕዘናዊ ዘዌ ብቻ ነው። የዛሬ ግንበኛ መሠረት ሲያወጣ በሲባጎና በሜትር 3 በአንዱ፣ 4 በሌላው ለክቶ አግድሙ 5 መምጣቱን ያያል፤ ስኳድራው ትንሽ ነውና ለትልቅ ቤት አይበቃም። ማዕዘን የማውጣት ጥያቄ በዚህ ምድር ከሰባት መቶ ዓመት ያላነሰ ዕድሜ አለው፤ ማስረጃውም የቆመው ድንጋይ ነው።

የይፋት ሰዎች ወደ ውጭ የወጡበት መንገድም በመዝገብ ይታወቃል። ዐፄ ዐምደ ጽዮን (1314–1344) በ1332 ከይፋቱ ሰብረዲን ጋር ያደረጉት ጦርነት በግእዝ ዜና መዋዕላቸው ተጽፏል። በ15ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የይፋቱ ሱልጣን ሰዕደዲን ዘይላ ላይ ተገደሉ፤ ልጆቻቸው ወደ የመን ተሻግረው ከጥቂት ዓመታት በኋላ ተመለሱ። የሥርወ መንግሥቱ መቀመጫም ከይፋት ወደ ምሥራቅ፣ ወደ አደል ራቀ። ግብጻዊው የታሪክ ጸሐፊ አል መቅሪዚ (የሞተው በ1442) ስለ ኢትዮጵያ ሙስሊም ነገሥታት በጻፈው አጭር መጽሐፍ የይፋትን ምድር ከጀበርት ስም ጋር ያያይዛል። ጀበርት ተብለው የሚጠሩት ደረሶች በካይሮው አል አዝሀር መስጊድ የራሳቸው ማደሪያና መማሪያ ሩዋቅ ነበራቸው።

በ16ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ዐብዱራሕማን የተባሉ አንድ የጀበርት ሰው መካንና መዲናን አልፈው ካይሮ ገቡ፤ የዚህ ሩዋቅ ሼኽም ሆኑ። ሹመቱ በዘራቸው ቀጠለ። ሰባተኛው ትውልድ የሆነው ሌላው ዐብዱራሕማን አል ጀበርቲ፣ የናፖሊዮንን የግብጽ ወረራ በዓይኑ አይቶ የጻፈው ታላቁ የታሪክ ጸሐፊ ነው። በዜና መዋዕሉ የአባቱን ሕይወት ሲጽፍ የዘራቸው አገር በሐበሻ ምድር የዘይላ አገር እንደሆነ በግልጽ አስፍሯል።

አባትየው ሼኽ ሐሰን አል ጀበርቲ በ1110 ሂጅራ (1698) ተወልደው በ1188 ሂጅራ (1774) አረፉ። እንደ አብዛኛው የአል አዝሀር ሰው ፊቅህን (የእስልምና ሕግን) ተምረዋል፤ ልባቸው ያረፈው ግን በሒሳብ ላይ ነበር። ሑሳሙዲን የተባሉ ሕንዳዊ ሊቅ ወደ ካይሮ ሲመጡ ከእሳቸው ዘንድ የጂኦሜትሪና የሥነ ፈለክ መጻሕፍትን ተማሩ፤ ነሲረዲን አል ጡሲ በ13ኛው ክፍለ ዘመን ያዘጋጁት የዩክሊድ ዐረብኛ ቅጅም ከእነዚህ አንዱ ነው። የሁለቱ አጫጭር ጎኖች ዳግም ርቢዎች ድምር ከሀይፖቴኑሱ ዳግም ርቢ ጋር እኩል የመሆኑ ማረጋገጫ በዚህ መጽሐፍ የመጀመሪያ ክፍል 47ኛው ዐረፍተ ሐሳብ ነው። የይፋት ልጆች መንገድና የጎነ ሦስቱ መንገድ የተገናኙት እዚህ ነው።

ዐብዱራሕማን ስለ አባቱ ከጻፋቸው ታሪኮች አንዱ ይህ ነው። በ1748 ወደ ግብጽ የተላከው የኦቶማን ገዢ አሕመድ ፓሻ ሒሳብ ወዳድ ነበርና የአል አዝሀርን ታላላቅ ሼኾች ስለዚህ ትምህርት ጠየቃቸው። መልስ የሚሰጥ ጠፋ። የአል አዝሀር ሼኽ የነበሩት ዐብደላህ አል ሹብራዊ በመጨረሻ ወደ ሼኽ ሐሰን መሩት። ፓሻው ከእሳቸው ጋር ተቀምጦ ተማረ፤ የፀሐይ ሰዓት አሠራርንም ለመደ። በእምነ በረድ ላይ ከተቀረጹት የፀሐይ ሰዓቶች አንዱ በአል አዝሀር ቆመ። ሹብራዊም ሼኽ ሐሰን የሊቃውንቱን ሁሉ ክብር እንደጠበቁ በአድናቆት ይናገሩ ነበር።

የፀሐይ ሰዓት ሥራ ማዕዘናዊ ጎነ ሦስት ነው። የቆመው ዘንግ አንዱ ጎን፣ በመሬት ላይ የወደቀው ጥላ ሌላው ጎን፣ ከዘንጉ ጫፍ እስከ ጥላው ጫፍ ያለው ርቀት ሀይፖቴኑሱ ነው። የእስላም ዓለም የሰዓት ሊቃውንት ዘንጉን በ12 ጣት መክፈል ያዘወትሩ ነበር። 12 ደግሞ ለዚህ ጥያቄ ለጋስ ቁጥር ነው፤ ጥላው 5 ጣት ሲሆን ሀይፖቴኑሱ 13፣ 9 ሲሆን 15፣ 16 ሲሆን 20፣ 35 ሲሆን 37 ይሆናል። በእነዚህ አራት የጥላ ልኮች ላይ ሠንጠረዥ ሠሪው ክፍልፋይ አያስፈልገውም። የሶላትን ሰዓት ለማወቅ የተሠራ መሣሪያ በቀን ውስጥ እያለፈ እያለፈ ባለ ሙሉ ቁጥር ጎነ ሦስት ይሠራል።

የሼኽ ሐሰን ሥራ በመጽሐፍ ብቻ የተወሰነ አልነበረም። በ1159 ሂጅራ (1746) ከአውሮፓ የመጡ ተማሪዎች ከእሳቸው ዘንድ ጂኦሜትሪ ተምረው መሣሪያዎችን በስጦታ እንደሰጧቸው፣ ወደ አገራቸው ተመልሰውም ያንን እውቀት ለነፋስ ወፍጮ፣ ከባድ ነገር ለመጎተትና ውኃ ለማውጣት እንዳዋሉት ልጃቸው ጽፏል። በ1172 ሂጅራ የካይሮ ገበያ ሚዛኖች ተዛብተው ሲገኙ ባለ እጆችን ሰብስበው ሚዛንና መመዘኛ ድንጋዮችን አስተካከሉ፤ ስለ ሚዛንም ድርሰት ጻፉ። የልጅ ምስክርነት አባትን ከፍ ማድረጉ የሚጠበቅ ነው፤ ተመራማሪም ይህን አስቦ ያነበዋል። ነገር ግን የዘመኑ ገዢ፣ የአል አዝሀር አለቃና የገበያው ሚዛን የገቡበት ታሪክ በብዙ ሰው ፊት የተፈጸመ እንጂ በጓዳ የተወራ አይደለም።

ይህ ሁሉ ሲሆን በይፋት ጫፍ ላይ ያለው ደጋም ያለ ስሌት አልኖረም። የመንዝና የተጉለት ካህናት በባሕረ ሐሳብ የጾምና የበዓል ቀኖችን ያወጡ ነበር፤ የ19 ዓመቱን የጨረቃ ዑደት ከ28 ዓመቱ የፀሐይ ዑደት ጋር አባዝተው 532 ዓመት የሆነውን ዐቢይ ቀመር ያገኛሉ። አንዱ በሙሉ ቁጥር ዑደት፣ ሌላው በጥላና በዘዌ ቢሠራም ሁለቱንም ያነሣሣቸው የጸሎትን ጊዜ በትክክል የማወቅ ፍላጎት ነው። ቆላና ደጋው በጦርነት ታሪክ ብቻ የሚተረክ መሆኑ ይህን የጋራ ውርስ ሸፍኖታል።

መዝገቡ የሚፈቅደው ፍርድ እንግዲህ ይህ ነው። የባለ ሙሉ ቁጥር ጎነ ሦስቶች ሕግ በባቢሎን ተጀምሮ፣ በግሪክ ተቀምሮ፣ በዐረብኛ ሰፋ። ከይፋትና ከዘይላ ምድር የወጣ ቤተሰብ ደግሞ ይህን የዐረብኛ ጂኦሜትሪ ሌላው ሲዘነጋው በካይሮ ጠብቆ አስተምሯል። በአገራችን የ8ኛ ክፍል ተማሪ የፓይታጎረስንና የዩክሊድን ቴረም ሲማር ሁለት የግሪክ ስሞች ይሰማል፤ የሼኽ ሐሰን አል ጀበርቲ ስም ከእነሱ ጎን ቢነገረው የሚቀነስበት ነገር የለም። ለሸዋ ሮቢትና ለቀወት ወረዳ መምህራን የምለው፦ ተማሪዎቻችሁ ግቢያቸው ውስጥ 12 ጣት ዘንግ ይትከሉ፤ ጥላው 5፣ 9 እና 16 ጣት ሲደርስ ከዘንጉ ጫፍ እስከ ጥላው ጫፍ ያለውን ርቀት በሲባጎ ይለኩ፤ የለኩትንም በዩክሊድ ሕግ ይፈትኑ። ለወረዳውና ለቅርስ ጠባቂዎችም፦ የኖራና የጎዜ መስጊድ ግድግዳዎች በየክረምቱ እየተጎዱ ነውና ሳይፈርሱ ይጠበቁ፤ ማዕዘኖቻቸውም ይለኩ፣ ይመዝገቡ።